ሐውልቱን ከወገቡ በታች አትቁረጡብን

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፤

ሰላምታዬ ካለሁበት ከቨርጂኒያ፣ ከአሌክሳንድሪያ ከተማ ይድረስዎ። ጋዜጣችሁን የማነበው የሰፈራችን ምግብ ቤት ባለቤት ከአዲስ አበባ በሚመጣ ሰው እያስላከ ጠረጴዛ ላይ ስለሚያኖርልን ነው። እኛ እጅ የሚገባው ሦስት አራት ሳምንት አርፍዶ፣ አንዳንዴም ወጥ ጠብ ብሎበት ነው። ደብዳቤዬ ዘግይቶ ቢደርስዎ ምክንያቱ ይኸው ነው።

ነገሬ «የዓለማችን ድንቅ ሕንፃዎች» ብላችሁ ስላወጣችሁት ሙሉ ገጽ ነው። የአይፍል ማማ አለ፤ ታጅ ማሃል አለ፤ ቡርጅ ኸሊፋ አለ፤ በእያንዳንዱ ሥር ቁመቱና የተሠራበት ዓመት ሰፍሯል። ከታች በስተቀኝ ጥግ ላይ የዋሽንግተን ሐውልት ፎቶ አለ። ከሥሩም «እንደ አክሱም ሐውልት ከአንድ ወጥ ድንጋይ የተጠረበ፤ ቁመቱ 169 ሜትር» ይላል።

ቁመቱ ትክክል ነው። ድንጋዩ ግን አንድ አይደለም፤ ከ36,000 በላይ ነው።

ቡና የሚያጣጡኝ ጓደኞቼ «ለዚህም ደብዳቤ ይጻፋል እንዴ?» ብለው ስቀውብኛል። ይሳቁ። እኔ በዚያ ሐውልት ዙሪያ ሃያ ሦስት ዓመት ታክሲ ነድቻለሁ። ከዚያ በፊት ደግሞ ደሴ ላይ የግንበኛ ልጅ ነበርኩ፤ ከስምንት ዓመቴ ጀምሮ ለአባቴ ቱንቢ ይዤለታለሁ። ድንጋይ ላይ የተሳሳተ ነገር ሲነገር ዝም ማለት አይሆንልኝም።

እስቲ ያስቡት። አክሱም ላይ የወደቀው ትልቁ ሐውልት 33 ሜትር ነው፤ ክብደቱ 520 ቶን ይገመታል። ሰው ከአንድ ድንጋይ ጠርቦ ላቁም ካላቸው ሁሉ ከግዙፎቹ የሚቆጠር ነው። እሱም ቢሆን ሲያቆሙት ሳለ ሳይወድቅ እንዳልቀረ ያጠኑት ይናገራሉ። ሮም ደርሶ የመጣው 24 ሜትር ነው። ታዲያ 169 ሜትር የሆነ አንድ ድንጋይ ማን ይፈልጠዋል? በምንስ ይጎተታል? የአክሱም ሐውልቶች ድንጋይ የተፈለጠበት የጎቦድራ ጠራቢዎች ይህን ቢሰሙ መሮአቸውን ጥለው ይስቁ ነበር። ሁለቱ ይመሳሰላሉ ከተባለም ከሩቅ ነው። የዋሽንግተኑ የተከተለው ግብጾችን ነው፤ ጫፉ እንደ ጦር ሾጧል። የአክሱሙ ራሱ ክብ ነው፤ ፊቱ ላይም በር፣ መስኮትና ፎቅ ተቀርጾበታል።

ለዚህ ለዚህ እንኳ ሁለት መስመር እርማት ይበቃ ነበር። ብዕር ያስነሣኝ ፎቶው ነው። ፎቶአችሁ ከታች ተቆርጧል። የሚታየው የሐውልቱ የላይኛው ክፍልና ሰማይ ብቻ ነው። የሐውልቱ ወግ ያለው ደግሞ እናንተ ቆርጣችሁ የጣላችሁት ላይ ነው።

በ2022 ሐምሌ ወር፣ የዚህ አገር ሰዎች በጋ በሚሉት ጊዜ፣ እናቴ ልትጠይቀኝ መጣች። (በዚህ ደብዳቤ ያሉት ቀኖች፣ ወሮችና ዓመቶች ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) ሰባ ስምንት ዓመቷ ነበር። በመጣች በሦስተኛው ቀን «እስቲ የምትውልበትን አገር አሳየኝ» አለችኝና ነጠላዋን አጣፍታ ከፊት ወንበር ተቀመጠች። በ14ኛው መንገድ ድልድይ የፖቶማክን ወንዝ ስንሻገር ሐውልቱ ብቅ አለ። እኔም ለተሳፋሪ እንደማደርገው «ይህን ያህል ሜትር ነው፣ በዚህ ዓመት ነው…» ማለት ጀመርኩ። አልሰማችኝም። ዓይኗን ጠበብ አድርጋ አየችውና፣

«ይኸ ሥራ መሐል ላይ ቆሞ ነበር እንዴ?» አለችኝ።

«እንዴት አወቅሽ?»

«ድንጋዩ ሌላ ነዋ! የታቹ ሌላ፣ የላዩ ሌላ። ብር አልቆባቸው ነው ወይስ ሠሪው ሞቶ?»

ክቡር አዘጋጅ፣ እኔ ያችን መስመር ለማየት ሁለት ዓመት ፈጅቶብኛል። እሱንም አንድ ተሳፋሪ ጠቁሞኝ ነው። ከመሬት 46 ሜትር ያህል ከፍ ብሎ፣ ከቁመቱ ሲሶ እንኳ ሳይሞላ፣ እብነ በረዱ ቀለም ይለውጣል። ከታች ነጣ ያለ ነው፤ ከላይ ወደ ቡናማ ያደላል፤ ደመና በሆነ ቀን ደግሞ ልዩነቱ ይጎላል። በየቀኑ በሥሩ የሚያልፈው ሕዝብ አብዛኛው አያየውም። እናቴ ከሚሄድ መኪና ውስጥ በአንድ እይታ ለየችው።

ለምን እንደለየችው አውቃለሁ። ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ያለው ቤታችን እንደዚያው ነው። አባቴ ቀን የሰው ቤት ሲገነባ ውሎ የራሱን የሚሠራው እሑድ እሑድ ነበር፤ ሸክላ ሠሪ በገል ትበላለች እንደሚባለው ቤቱ አላልቅ አለ። በጥቁር ጥርብ ድንጋይ እስከ መስኮቱ ደፍ አድርሶት ሞተ። ግንቡ ዘጠኝ ክረምት ላስቲክና አሮጌ ቆርቆሮ ለብሶ ቆመ፤ እኛ ከጀርባው በነበረች አንዲት ጭቃ ቤት ኖርን። እናቴ ጠላ ሸጣ፣ እቁብ ጥላ፣ የቀረውን በብሎኬት አስጨረሰችው። እስከ ዛሬ ቤቱ ከወገቡ በታች ጥቁር፣ ከወገቡ በላይ ግራጫ ነው። ከዚህ ብር ልኬ ላስለስነው ብላት እምቢ አለችኝ። «ያ የሱ ነው፤ ይኸ የኔ ነው» ትላለች።

ስለ ዋሽንግተኑም የገመተችው ሁለቱም ልክ ነበር። ብሩም አልቋል፣ ሠሪውም ሞቷል።

የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት የጆርጅ ዋሽንግተን መታሰቢያ ይቁም ብሎ የተነሣው በ1833 የተቋቋመ ማኅበር ነው። መንግሥት አይደለም። መዋጮ ሲሰበስቡ መጀመሪያ ላይ ከአንድ ሰው በዓመት ከአንድ ዶላር በላይ አንቀበልም አሉ፤ ሀብታሙ ብቻውን እንዳይወስደውና ድሃውም እጁ እንዲኖርበት ብለው። እድር በሉት። አሳቡ ደስ ይላል፤ በዶላር በዶላር ግን እብነ በረድ አይቆምም። የመሠረት ድንጋዩ የተጣለው ከአሥራ አምስት ዓመት በኋላ ሐምሌ 4 ቀን 1848 ነው። ንድፉን የሠራው ሮበርት ሚልስ ግርጌውን በዓምዶች የተከበበ ትልቅ አዳራሽ አድርጎት ነበር፤ ከአዳራሹ አናት ላይ ደግሞ ዋሽንግተን በሠረገላ ቆሞ ሊታይ። ያ ሁሉ ጌጥ ወረቀት ላይ ቀረ። እኔ እሰየው ነው የምለው።

ቦታውም በመጀመሪያ የታሰበው አልነበረም። ከተማዋን የነደፈው ሰው የአሰበው ከዋይት ሐውስ በቀጥታ ወደ ደቡብ፣ ከካፒቶል፣ ማለትም ከምክር ቤቱ ሕንፃ፣ በቀጥታ ወደ ምዕራብ የሚወርዱት መስመሮች በሚገናኙበት ነጥብ ላይ ነበር። አፈሩ ረግረግ ሆነና ወደ 119 ሜትር ያህል ፈቀቅ አደረጉት። ከላይ ሆኖ ላየው ሰው ሐውልቱ ከዋይት ሐውስ ትክክል አለመሆኑ ይታወቃል። አባቴ «አፈር ካልተሸከመህ አትከራከረው» ይል ነበር።

ግንባታው እስከ 1854 ድረስ 46 ሜትር ገደማ ደረሰና ቆመ። የቆመበት ምክንያት ነው እኔን ስደተኛውን የሚያስገርመኝ። ገንዘብ እያጠረ ሲሄድ ማኅበሩ «ብር ያጣ ድንጋይ ያዋጣ» አለ። ክፍለ ግዛቶች፣ ከተሞች፣ ማኅበራት፣ የውጭ መንግሥታትም ጭምር ስማቸውን የቀረጹበት ድንጋይ ይልኩ ጀመር። ከላኩት አንዱ የሮማው ሊቀ ጳጳስ ፒዮስ 9ኛ ነበሩ። በዚያን ጊዜ ደግሞ ስደተኛና ካቶሊክ ጠሉ የሆነ ቡድን በአሜሪካ ገንኖ ነበር፤ አባላቱ ስለ ማኅበራቸው ሲጠየቁ «ምንም አላውቅም» ብለው ስለሚመልሱ «ምንም አላውቅም ባዮች» ተባሉ። በመጋቢት 1854 አንድ ሌሊት የሊቀ ጳጳሱ ድንጋይ ተሰረቀ። ወንዝ ውስጥ ወረወሩት ይባላል። በዓመቱ እነዚያው ሰዎች የማኅበሩን ምርጫ ጠልፈው ሐውልቱን እጃቸው አስገቡ። ምክር ቤቱ ሊሰጥ የነበረውን 200,000 ዶላር ከለከለ፤ ሕዝቡም እጁን ሰበሰበ። ሮበርት ሚልስም በ1855 ሞተ።

ምንም አላውቅም ባዮች ሦስት ዓመት ይዘውት የጨመሩት ጥቂት ረድፍ ድንጋይ ነው። ድንጋዩም የፊተኞቹ ግንበኞች አይሆንም ብለው ጥግ ላይ የጣሉት ነበር። ዳዊት ላይ ግንበኞች የናቁት ድንጋይ የማዕዘን ራስ ሆነ ይላል፤ ይህኛው አልሆነም። ሥራው ሲቀጥል ነቅለው ጣሉት።

ከዚያ የእርስ በርስ ጦርነቱ መጣ። የሐውልቱ ግቢ ለሠራዊቱ የሚታረዱ ከብቶች ማሰማሪያና ቄራ ሆነ። ያችን ዋና ከተማ፣ መሐሏ ላይ ያንን ጉቶ፣ በጉቶው ዙሪያ የሚያገሣ በሬ አስቡት። ያ ጉቶ ሩብ ምዕት ዓመት ቆሞ ኖሯል። በአዲስ አበባ ጎዳና ላይ ብረቱ እንደ ፀጉር ቆሞ የቀረ ሕንፃ ባየሁ ቁጥር ይህ ትዝ ይለኛል።

አሁን ወደ ግንበኛ ነገር ልግባ፤ ታገሡኝ። በ1876 ምክር ቤቱ ገንዘብ ፈቀደ። ሥራው ለጦር ሠራዊቱ መሐንዲስ ለቶማስ ኬሲ ተሰጠ። ኬሲ መጀመሪያ ያየው መሠረቱን ነው፤ የድሮው መሠረት የሚመጣውን ሸክም አይችለውም። ይፍረስ ቢባል ያ ሁሉ መዋጮ ሊፈርስ ነው። ስለዚህ 46 ሜትሩ ግንብ ከላይ እንደቆመ፣ ከሥሩ አፈሩን በየተራ እየቆፈሩ እያወጡ፣ ባወጡት ልክ ኮንክሪት እየሞሉ፣ አራት ሜትር ያህል ውፍረት ያለው አዲስ መሠረት አስገቡለት። ከቆመ ግንብ ሥር መቆፈር ማለት ምን ማለት እንደሆነ የሚያውቅ ያውቀዋል። አባቴ አንድ ጊዜ ደሴ ውስጥ የአንድ ሰው አጥር ሥር አንድ ክንድ ያህል ቆፍሮ ድንጋይ ሲያስገባ ሦስታችንን ልጆች ከአካባቢው አባርሮናል። ለአንድ አጥር! ቆፋሪዎቹ ጠዋት ጠዋት ምን ብለው ወደ ውስጥ እንደሚገቡ እንጃ።

መሠረቱ ካለቀ በኋላ በ1880 ግንቡ ካቆመበት ቀጠለ። መስመሯ የመጣችው እዚህ ላይ ነው። የመጀመሪያው እብነ በረድ የተፈለጠው ሜሪላንድ፣ ባልቲሞር አጠገብ ነበር። ሲቀጥሉ ከማሳቹሴትስ አስመጡ፤ እሱ አላስደሰታቸውም፣ ጥቂት ረድፍ ሠርተውበት ተዉት። እንደገና ወደ ሜሪላንድ ተመልሰው ከሌላ ካባ አወጡ። ሲደረደር ይመሳሰል ነበር አሉ። ዝናቡና ፀሐዩ ግን እያንዳንዱን ድንጋይ እንደ ባሕርዩ አጠቆረው። ስለዚህ ቀረብ ብሎ ያየ ሰው የሚያገኘው ሦስት ቀለም ነው፤ በሁለቱ መካከል የማሳቹሴትሱ እንደ መቀነት ዞሮታል። ይህን ለእናቴ ስነግራት «ከአንድ ቦታ መግዛት ነበረባቸው» አለች። ብሎኬቷን ከሁለት ሰው ገዝታ የተቃጠለች ሴት ናት።

ቁመቱም የተወሰነው ያኔ ነው። ሮም የነበረው የአሜሪካ መልእክተኛ ጆርጅ ማርሽ እዚያ የቆሙትን የግብጽ ሐውልቶች ልክ መርምሮ፣ ቁመቱ የግርጌውን ስፋት አሥር እጥፍ መሆን አለበት ብሎ ጻፈ። ግርጌው 16.8 ሜትር ነው፤ የቀረውን እርስዎ ያባዙት። ታኅሣሥ 6 ቀን 1884 ጫፉ ተገጠመ። ጫፉ አሉሚኒየም ነው፤ ሦስት ኪሎ አይሞላም። ዛሬ ድስት የምንሠራበት አሉሚኒየም ያኔ ዋጋው ከብር የሚተካከል ብርቅ ነገር ነበር። ከመገጠሙ በፊት ኒውዮርክ አንድ የጌጣጌጥ መደብር ውስጥ ወለል ላይ ለእይታ አስቀምጠውት ሰው እየተሰለፈ ይዘለው ነበር፤ «የዋሽንግተንን ሐውልት ጫፍ ዘለልኩ» ለማለት። ለአምስት ዓመት ያህል በዓለም ላይ ከሱ የሚረዝም አልነበረም፤ በ1889 አይፍል ማማ በለጠው። ከድንጋይ ከተሠራው ግን ዛሬም የሚበልጠው የለም። እናንተ ያወጣችሁት ገጽ ላይ ይህ ቢጻፍ ምን ነበረበት?

በዚያ ቀን መኪናዬን አቁሜ (ለታክሲ ማቆሚያ ማግኘት ራሱ ሌላ ደብዳቤ ያስጽፋል) እናቴን ይዤ ወጣሁ። ትኬቱን በኢንተርኔት ይዤ ነበር፤ ለአንድ ሰው አንድ ዶላር። ከመግባታችን በፊት ቆም ብላ ግንቡን በመዳፏ ዳሰሰችው፤ ከዚያ የድንጋዮቹን መገጣጠሚያ በጥፍሯ ተከትላ አየች። «ጠባብ ነው» አለች። ከአባቴ አፍ የሚወጣ ትልቁ ምስጋና ይኸው ነበር። ግድግዳው ከግርጌው አራት ሜትር ተኩል ይወፍራል፤ አናቱ ላይ ግማሽ ሜትር አይሞላም። ፊቱ ነው እብነ በረድ፤ ጀርባው ከታች ተራ ድንጋይ፣ ከላይ ግራናይት ነው።

አናቱ ላይ ብዙ አልቆየንም፤ ከፍታው ልቧን አስጨነቀው። ስንወርድ ግን ሊፍቱ ቀስ አለና መስታወቱ ብርሃን ገባበት፤ በውስጠኛው ግድግዳ የተገጠሙት የመዋጮ ድንጋዮች ይታዩ ጀመር። 193 ናቸው። የክፍለ ግዛቶቹ አሉ፤ የእሳት አደጋ ተከላካዮች ማኅበራት አሉ፤ የጃፓን አለ፤ የግሪክ አለ፤ የቱርኩ ሱልጣን በአማረ ጽሕፈት አስቀርጸው የላኩት አለ። የሊቀ ጳጳሱም ምትኩ በ1982 መጥቶ ገብቷል። እናቴ ፊቷን ወደ መስታወቱ አስጠግታ አየችና «ገንዘብ የሌለው ድንጋይ ያመጣበት ነው?» አለች። አዎ አልኳት። «ታዲያ ይኸን ለምን ውስጥ ደበቁት? ደጅ አይሻልም ነበር?» አብረውን የነበሩት ፈረንጆች ምን አለች ብለው ጠየቁኝ፤ ስተረጉምላቸው አንዷ ሴትዮ እናቴን አቀፈቻት።

በነሐሴ 23 ቀን 2011 ስለሆነውም ትንሽ ልበል፤ ያየሁት ስለሆነ። አንድ ሆቴል ደጅ ታክሲ ሰልፍ ላይ ነበርኩ። ሰዓቱ ከቀኑ ስምንት ሊሆን ትንሽ ጎድሎታል። መኪናዬ ተወዛወዘ። ከኋላ ያለው ሹፌር የገፋኝ መስሎኝ ልጣላው ወረድኩ፤ እሱም ሊጣላኝ ወርዷል። ለካ ቨርጂኒያ ላይ 5.8 የሆነ የመሬት መንቀጥቀጥ ነው። ሐውልቱ ተሰነጣጠቀ። በየመጋጠሚያው የነበረው ቡኬት ረገፈ፤ በስንጥቁ ሰማይ የሚታይበት ቦታ ነበር። መሐንዲሶች ከአናቱ በገመድ ተንጠልጥለው እየወረዱ ድንጋይ በድንጋይ መረመሩት፤ እኛም ሥራ ፈትተን አንገታችን እስኪደነዝዝ አየናቸው። ከዚያ ከግርጌ እስከ ራስ መወጣጫ አልብሰው ጠገኑት። ወጪው 15 ሚሊዮን ዶላር ሆነ፤ ግማሹን የሰጠው አንድ ባለጠጋ ነው። የአንድ ዶላሩ ደንብ እዚያ ላይ ቀረ ማለት ነው። በግንቦት 2014 ተከፈተ። ሊፍቱ አስቸግሮ በ2016 እንደገና ዘጉት፤ የተከፈተው በመስከረም 2019 ነው። በነዚያ ዓመታት «ለምን ተዘጋ?» ብሎ ያልጠየቀኝ ተሳፋሪ የለም።

እናንተን ስወቅስ የራሴን ኃጢአት ልደብቅ አልፈልግም። ለብዙ ዓመት ለተሳፋሪ «በዋሽንግተን ከሐውልቱ የሚረዝም ሕንፃ እንዳይሠራ በሕግ ተከልክሏል፤ ለክብሩ ነው» እያልኩ ጉርሻ ተቀብያለሁ። ውሸት ነው። ነገሩ የተነሣው በ1894 አንድ 50 ሜትር የሚሆን የመኖሪያ ሕንፃ ሲሠራ ጎረቤት ስለጮኸ ነው። በ1899 ሕግ ወጣ፤ በ1910 ተሻሻለ፤ የሕንፃው ቁመት የሚለካው ፊት ለፊቱ ባለው መንገድ ስፋት ነው። ከሐውልቱ ጋር ምንም አያገናኘውም። አንድ የሙያ ባልደረባዬ ደግሞ ስለ ቀለሟ መስመር ሲጠይቁት «የጎርፍ ምልክት ናት» ይላቸዋል፤ ጎርፍ 46 ሜትር! አምነው የሚወርዱ አሉ። ጋዜጣ ግን የታክሲ ወሬ አይደለም፤ ተቆርጦ ግድግዳ ላይ ይለጠፋል። የኔ የወንድም ልጅ ያንን ገጽ ለትምህርት ቤት ሥራው ቆርጦ ወስዶታል።

የምለምነው እንግዲህ ቀላል ነው። የድንጋዩን ነገር አርሙልን። ይህን ዓይነት ገጽ ስታወጡ ደግሞ ከቁመቱ ጎን ሥራው የት ላይ እንደቆመ፣ ማን እንዳስቆመው፣ ማን እንዳስጨረሰው አንድ አንቀጽ ጨምሩበት። የአይፍልንም፣ የሌላውንም። የኛንም ጭምር። የአክሱሙ ሐውልት ከአንድ ድንጋይ መጠረቡ እውነት ነው፤ ነገር ግን ወድቆ ተሰባብሮ ነበር። ጣሊያኖች ቁርጥራጩን በ1937 ሮም ወስደው ቀጥለው አቆሙት። በ1947ቱ የሰላም ውል ይመለስ ተባለ፤ የተነቀለው በ2003 ነው። በሚያዝያ 2005 በሦስት በረራ፣ ሦስት ቦታ ሆኖ መጣ፤ በ2008 ቆመ። ቀረብ ብሎ ያየው ሰው መገጣጠሚያውን ያገኘዋል። እናንተ ግን ፎቶውን ሁልጊዜ ከሩቅ፣ ፀሐይ ስትገባ ነው የምታወጡት።

ከዚህ ደብዳቤ ጋር አንድ ፎቶ አያይዣለሁ። በዚያ ቀን ያነሣሁት ነው። እናቴ ከሐውልቱ በስተግራ ቆማለች፤ እጇን ወደ ላይ ዘርግታ የምታሳየው መስመሯን ነው። ልታትሙት ከወደዳችሁ ፈቃዷን ጠይቄአለሁ፤ «ነጠላዬ ተጣሞ የለ እንዴ?» ብቻ ነው ያለችኝ። ቦታ ከጠበባችሁ ሰማዩን ቁረጡ፤ ከታች አትንኩት።

ከአክብሮት ጋር፣
የታክሲ ሹፌሩ አንባቢያችሁ
ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ